ከመጽሐፍ መደርደሪያ ወደ ፊልም ካሜራ፤ የክሪስ ማርኬር የመጀመሪያ ሥራዎች (ከ1949 እስከ 1963)

መግቢያ

መጽሐፍ አፍቃሪ የሆነ ሰው ጥሩ ፊልም ሠሪ ሊሆን ይችላልን? ብዙዎቻችን ለዚህ ጥያቄ ቶሎ የምንሰጠው መልስ «አይሆንም» የሚል ሳይሆን አይቀርም። ያደግነው መጽሐፍን ለዕውቀት፣ ሲኒማን ለጨዋታ የተሠራ አድርገን በማየት ነውና። መጽሐፍ በብብቱ ይዞ የሚሄድ ተማሪ ይመሰገናል፤ ከሲኒማ ቤት ሲወጣ የተገኘ ግን «ጊዜውን አባከነ» ይባላል። ፊልም ሠሪዎችም በበኩላቸው ቃል የሚያበዛውን ሰው አይወዱትም፤ «ሥዕሉ ራሱ ይናገር፤ አንተ ዝም በል» ይሉታል። እንግዲህ መጽሐፍ አፍቃሪው ከሁለቱም ወገን የተገፋ ይመስላል።

በዚህ ጽሑፍ ይህ አስተያየት ትክክል አለመሆኑን በአንድ ሰው የሥራ ታሪክ ለማስረዳት እንሞክራለን። ሰውዬው ፈረንሳዊው ክሪስ ማርኬር ነው። ማርኬር ካሜራ ከመያዙ በፊት የልብ ወለድ ደራሲ፣ ሐያሲና የመጽሐፍ አዘጋጅ ነበር። የምንመረምረው ሙሉ የሕይወት ታሪኩን ሳይሆን፣ ከአሳታሚ ቤት ጠረጴዛ ተነሥቶ ስሙ የታወቀ ዘጋቢ ፊልም ሠሪ እስከ ሆነበት ድረስ ያለውን ጊዜ ነው። የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጉዳዩ የፈረንሳዮች ብቻ ነው ተብሎ እንዳይታለፍ አስቀድመን አንድ ነገር እንናገራለን። በፊልም ሥዕል ላይ ቃል የሚጨምር ሰው በሌላው ሰው ኑሮ ላይ ፍርድ ይሰጣል። ይህ ፍርድ እንዴት እንደሚሰጥ ማወቅ ፊልም ለሚሠራው፣ ፊልም ለሚመለከተውና ከሁሉም ይልቅ በፊልሙ ውስጥ ለሚታየው ሰው አስፈላጊ ነው።

1. ዘጋቢ ፊልምና የማይታየው ተናጋሪ

ዘጋቢ ፊልም ስንል ተዋናይ ተቀጥሮ የሚሠራውን የፈጠራ ታሪክ ሳይሆን፣ በእውነት ካሉ ሰዎች፣ ቦታዎችና ሁኔታዎች በተወሰዱ ሥዕሎች የሚዘጋጀውን ፊልም ማለታችን ነው። ሲኒማ ራሱ የተወለደው በዚህ መልክ ነው። የሉሚየር ወንድማማቾች በ1895 በፓሪስ ለሕዝብ ካሳዩአቸው አጫጭር ፊልሞች አንዱ ሠራተኞች ከፋብሪካ በር ሲወጡ የሚያሳይ ነበር። ይህ ዓይነቱ ሥራ በእንግሊዝኛ ዛሬ የሚጠራበትን ስም እንዲያገኝ ያደረገው ስኮትላንዳዊው ጆን ግሪርሰን ሲሆን፣ ቃሉን የተጠቀመበትም በ1926 ስለ ሮበርት ፍላኸርቲ «ሞአና» በጋዜጣ በጻፈው ሂስ ነው።

ፊልም ድምፅ ካገኘ በኋላ ዘጋቢ ፊልም አንድ አዲስ ልማድ ያዘ። በሥዕሉ ውስጥ የማይታይ፣ ስሙ የማይታወቅ፣ ነገር ግን ሁሉን የሚያውቅ አንድ ተናጋሪ ከላይ ሆኖ ይናገር ጀመር። ይህ ድምፅ ለተመልካቹ ምን እንደሚያይ ይነግረዋል፤ ከዚያም አልፎ ስላየው ነገር ምን ማሰብ እንዳለበት ይነግረዋል። ተመልካቹ ሁለተኛውን ከመጀመሪያው ለይቶ የሚያውቅበት ጊዜ ጥቂት ነው።

እኛ ይህን ነገር በመጀመሪያ የተረዳነው በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ሳለን ነው። በተማርንበት ሚሲዮን ትምህርት ቤት አንድ ማታ ስለ ሩቅ አገር ገበሬዎች ፊልም ይታይ ነበር። በመካከሉ ድምፁ ተቋረጠ፤ ሥዕሉ ግን ቀጠለ። አንድ መምህራችን ብድግ አሉና ከመጋረጃው አጠገብ ቆመው በአማርኛ ያስረዱን ጀመር። «እነዚህ ሰዎች ደክሟቸዋል» ሲሉን ድካማቸው ታየን፤ «ደስ ብሏቸው ወደ ቤታቸው ይገባሉ» ሲሉን ደስታቸው ታየን። ድምፁ ተጠግኖ ፊልሙ እንደ ገና ከመጀመሪያው ሲታይ ግን ተናጋሪው የሚለው መምህራችን ካሉት ጋር ፈጽሞ የማይገናኝ ሆኖ ተገኘ። ሁላችንም ሳቅን፤ መምህራችንም ሳቁ። በዚያች ማታ ግን ዐይናችን ምን ያህል ለጆሯችን ታዛዥ እንደ ሆነ አየን። ማርኬር በሥራው ሁሉ የተከታተለው ይህንኑ ጉዳይ ነው።

2. መጽሐፍ ያሳደገው ሰው

ክሪስ ማርኬር የብዕር ስም ነው። የመዝገብ ስሙ ክሪስቲያን ፍራንሷ ቡሽ-ቪልኔቭ ሲሆን፣ ሐምሌ 29 ቀን 1921 በፓሪስ አጠገብ በምትገኘው በኔዪ ተወለደ። ስለ ራሱ መናገር የማይወድ፣ ፎቶግራፍ መነሣት የሚሸሽ ሰው ነበር፤ ሥዕሉን የሚጠይቁትን ሰዎች በድመት ሥዕል ያሰናብታቸው እንደ ነበር ይታወቃል።

ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ «ኤስፕሪ» በተባለው መጽሔት ላይ ግጥም፣ አጭር ታሪክ፣ የመጽሐፍና የፊልም ሂስ ይጽፍ ነበር። በ1949 የአውሮፕላን ነጂዎችን ሕይወት የሚመለከት ልብ ወለድ በሰይ አሳታሚ ቤት አሳተመ። በ1952 ደግሞ ስለ ደራሲው ስለ ዣን ዢሮዱ አንድ መጽሐፍ አወጣ። እስከዚህ ድረስ የምናየው አንድ የተለመደ ወጣት ደራሲ ነው።

ነገሩ የሚለወጠው በአሳታሚ ቤቱ በያዘው ሥራ ላይ ነው። ከ1954 ጀምሮ ማርኬር «ፕቲት ፕላኔት» ማለት «ትንሿ ፕላኔት» የተባለውን ተከታታይ መጽሐፍ ያዘጋጅ ጀመር። እያንዳንዱ ቅጽ ስለ አንድ አገር የሚናገር ሲሆን፣ በሽፋኑ ላይ የአንዲት ሴት ፊት ይታይ ነበር። በስሙ የመንገደኛ መምሪያ ይሁን እንጂ የሆቴልና የባቡር ዋጋ የሚዘረዝር መጽሐፍ አልነበረም። ስለ አገሩ ከአንድ ጠንቃቃ ወዳጅ ጋር የሚደረግ ጭውውት ይመስል ነበር።

ለጉዳያችን ዋናው ነገር የገጹ አሠራር ነው። በዚያን ጊዜ በብዙ መጻሕፍት ሥዕል ለጽሑፍ ጌጥ ነበር፤ ጽሑፉ ካለቀ በኋላ በቀረው ባዶ ቦታ ይገባል። በማርኬር እጅ በሚያልፈው ገጽ ላይ ግን ሥዕሉ ከጽሑፉ ጎን ሆኖ አንዳንድ ጊዜ ይደግፈዋል፣ አንዳንድ ጊዜ ይከራከረዋል፣ አንዳንድ ጊዜም ይቀልድበታል። አንባቢው ገጹን ሲገልጥ ከአንዱ ሥዕል ወደ ሌላው ይዘላል፤ በመካከሉ ያለውን ግንኙነት የሚሠራው ራሱ ነው። ይህ ሥራ በፊልም ቤት ሲሠራ የፊልም ቅንብር ይባላል። ስለዚህ ማርኬር ቅንብርን የተማረው በመቀስና በፊልም ብቻ ሳይሆን በሙጫ፣ በወረቀትና በማተሚያ ቤት ጠረጴዛ ላይ ነው ብንል ስሕተት አይሆንም።

3. ካሜራና ብዕር

አንድ ደራሲ ወደ ፊልም ለመግባት ፍላጎት ብቻ አይበቃውም፤ በሩ ክፍት ሆኖ መገኘት አለበት። በሩን የከፈቱት ሁለት ነገሮች ይመስሉናል።

አንደኛው የሐሳብ ለውጥ ነው። በመጋቢት 1948 አሌክሳንድር አስትሩክ የተባለ ወጣት ጸሐፊ በታተመ አንድ ጽሑፍ፣ ካሜራ እንደ ብዕር የሚሆንበት ዘመን መድረሱን ገለጸ። የሐሳቡ ፍሬ ይህ ነው፤ ደራሲ በብዕር ጥልቅ ሐሳብን እንደሚጽፍ ሁሉ፣ ፊልም ሠሪም በካሜራ ሐሳቡን በቀጥታ ለመጻፍ ይችላል። ይህ አባባል በመጽሐፍ ላደጉት ወጣቶች እንደ ጥሪ ነበር።

ሁለተኛው የሕዝብ ትምህርት እንቅስቃሴ ነው። ከጦርነቱ በኋላ በፈረንሳይ መጽሐፍን፣ ቴያትርንና ሲኒማን ወደ ፋብሪካና ወደ መንደር የሚያደርሱ ማኅበሮች ነበሩ። ማርኬር «ፐፕል ኤ ኩልቱር» እና «ትራቫይ ኤ ኩልቱር» በተባሉት ሁለት ማኅበሮች ውስጥ ሠርቷል። በሁለተኛው ማኅበር የሲኒማውን ክፍል የሚመራው ታላቁ ሐያሲ አንድሬ ባዛን ነበር። ከፊልም ሠሪው ከአለን ሬኔ ጋር የተዋወቀውም በዚሁ አካባቢ ነው። በ1952 ማርኬር 16 ሚሊሜትር የሆነ ቀላል ካሜራ ይዞ ወደ ፊንላንድ ሄደና የሄልሲንኪውን የኦሊምፒክ ጨዋታ የሚያሳየውን «ኦሊምፒያ 52» የተባለውን የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን ሠራ። የ31 ዓመት ሰው ነበር።

4. የታገደው ፊልም

በ1953 የተፈጸመው «ሐውልቶችም ይሞታሉ» የተባለው አጭር ፊልም ማርኬር፣ ሬኔና ፎቶግራፍ አንሺው ጊስለን ክሎኬ በኅብረት የሠሩት ነው። እንዲሠራ ያዘዘው «ፕሬዛንስ አፍሪኬን» የተባለው ድርጅት ሲሆን፣ ይህን መጽሔትና አሳታሚ ድርጅት በ1947 ያቋቋመው ሴኔጋላዊው አሊዩን ዲዮፕ ነው። እዚህም ላይ የፊልሙ አባት መጽሐፍ መሆኑን ልብ ይሏል።

ሥራው የተጀመረው ከአንድ ጥያቄ ነው። የግሪክና የግብፅ ሐውልት በሉቭር የሥነ ጥበብ ቤተ መዘክር ሲቀመጥ፣ የጥቁር አፍሪካ ሐውልት ግን ስለ ሰው ዘር በሚጠናበት ቤተ መዘክር የተቀመጠው ለምንድን ነው? ፊልሙ ይህን ጥያቄ ይዞ በመስተዋት ሣጥን ውስጥ የቆሙትን ጭምብሎችና ሐውልቶች በጥንቃቄ ያሳያል። ሐሳቡም አንድ ዕቃ ከሠራው ሕዝብ ጸሎት፣ ሐዘንና ደስታ ተነጥቆ በመስተዋት ውስጥ ሲዘጋበት፣ የሚመለከተው ሰው ቢበዛም ሕይወቱን ያጣል የሚል ነው። ከዚያ ተነሥቶ ወደ ዘመኑ ይመጣል፤ ለነጭ ጎብኝ ገበያ በጅምላ የሚቀረጸውን ዕቃ፣ የጥቁሩን ስፖርተኛና ሙዚቀኛ፣ የሠራተኛውንም አድማ ያሳያል። በዚህ ሁለተኛ ክፍል የሚከሰሰው የቅኝ ግዛት አገዛዝ ነው።

ፊልሙ በ1954 የዣን ቪጎን ሽልማት አገኘ። የፈረንሳይ ሳንሱር ግን ከለከለው። ክልከላው ያረፈው በተለይ በሁለተኛው ክፍል ላይ ሲሆን፣ ሙሉው ፊልም ከ10 ዓመት በላይ ለሕዝብ በይፋ ሳይታይ ቀረ። እኛ ከዚህ የምንማረው ነገር አለ። ሐውልቶቹን ማንም በቤተ መዘክሩ ገብቶ ሊያያቸው ይችል ነበር፤ ሥዕላቸው አልተከለከለም። የሚያስፈራው ከሥዕሉ ጋር የተቀመጠው ቃልና አንዱ ሥዕል ከሌላው ጋር የተያያዘበት መንገድ ነበር። ሳንሱሩ ራሱ ሳያውቀው የመጽሐፍ አፍቃሪውን የፊልም ዘዴ ኃይል መሰከረ።

በመስተዋት ውስጥ የቀረ ቅርስ ነገር ለእኛ እንግዳ አይደለም። በ1868 ከመቅደላ የተወሰዱት የብራና መጻሕፍት ብዙዎቹ በለንደን ይገኛሉ። ሊነበብና ሊዜም የተጻፈ መጽሐፍ በመስተዋት ውስጥ ተከፍቶ በአንድ ገጹ ብቻ ሲታይ ምን እንደሚጐድልበት ለሚያውቅ ኢትዮጵያዊ የፊልሙ ጥያቄ ሩቅ አይሆንበትም።

5. «ማርስ» የተባለው መጽሐፍ

በ1956 ሬኔ «የዓለም ትዝታ ሁሉ» የተባለ የ21 ደቂቃ ያህል ፊልም ሠራ። የሚያሳየው በፓሪስ በሪሽሊዩ መንገድ የነበረውን የፈረንሳይ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ነው። ማርኬር በዚህ ሥራ ተባባሪ ነበር።

ፊልሙ ከምድር ቤቱ ይጀምርና ካሜራው በረጃጅም መተላለፊያዎችና በመደርደሪያዎች መካከል ያለ ማቋረጥ ይጓዛል። ከዚያም አንድ አዲስ መጽሐፍ ይመርጥና ይከተለዋል። በፈረንሳይ ሕግ የሚታተመው መጽሐፍ ሁሉ ለቤተ መጻሕፍቱ መሰጠት አለበት። መጽሐፉ ይደርሳል፣ ይመዘገባል፣ ማኅተም ይመታበታል፣ ካርድ ይወጣለታል፣ በመደርደሪያ ላይ ቦታውን ያገኛል። በመጨረሻ አንድ አንባቢ ይጠይቀውና ኦንሪ ላብሩስት ወደ ሠራው፣ በ1868 ወደ ተከፈተው ታላቅ የንባብ አዳራሽ ይወርዳል። በዚህ ጊዜ መጽሐፉ ከእስር እንደ ተፈታ ሰው ይሆናል።

ያ መጽሐፍ ምን ነበር? በ«ፕቲት ፕላኔት» ተከታታይ ውስጥ «ማርስ» የሚል ርእስ ያለው ቅጽ ነበር። እንዲህ ያለ ቅጽ ግን ፈጽሞ አልታተመም፤ ለፊልሙ ሲባል የተፈጠረ ቀልድ ነው። በዓለም ያለውን መጽሐፍ ሁሉ እሰበስባለሁ በሚል ቤት ውስጥ የሌለ መጽሐፍ ማስገባታቸው ግን ቀልድ ብቻ አይመስለንም። ዘጋቢ ፊልም እውነትን ለመናገር ሲል አንዳንድ ጊዜ የፈጠራን እርዳታ እንደሚጠይቅ ያሳያል። በዚህ ፊልም የታዩት የታተሙ መጻሕፍት አብዛኞቹ በ1990ዎቹ መጨረሻ ቶልቢያክ በተባለው ሰፈር ወደ ተሠራው አዲስ ሕንፃ ተዛውረዋል። ስለዚህ ስለ ትዝታ የተሠራው ፊልም ዛሬ ራሱ የትዝታ ማኅደር ሆኗል።

6. ፔኪንግና ያኩትስክ

በዚያው በ1956 የወጣው «እሑድ በፔኪንግ» የማርኬርን የመጽሐፍ ፍቅር በግልጥ ያሳያል። ተናጋሪው ፔኪንግን ከሕፃንነቱ ጀምሮ ሲመኛት እንደ ኖረ ይናገራል፤ የምኞቱም ምንጭ በልጅነቱ በአንድ መጽሐፍ ያየው ሥዕል ነው። ሥዕሉ የት አገር እንደ ሆነ በትክክል ሳያውቅ ይወደው ነበር፤ አንድ ቀን በቦታው ቆሞ ራሱን አገኘ። እዚህ ላይ ተናጋሪው ሁሉን የሚያውቅ ድምፅ አለመሆኑን እናስተውል። «እኔ አንባቢ ነኝ፤ ይህን አገር በፊት የማውቀው በመጽሐፍ ነው፤ አሁን ያየሁትንም ከዚያ ጋር አስተያያለሁ» ብሎ ራሱን ይገልጣል። ተመልካቹ የሚነግረውን ሰው ማንነት ስለሚያውቅ ነገሩን መመዘን ይቻለዋል።

በ1957 ተሠርቶ በሚቀጥለው ዓመት ለሕዝብ የታየው «ደብዳቤ ከሳይቤሪያ» ከዚህም ይርቃል። ርእሱ እንደሚያመለክተው ፊልሙ በደብዳቤ መልክ የቀረበ ነው፤ አከፋፈቱም ከገጣሚው ከኦንሪ ሚሾ የተዋሰ ነው። በውስጡ የተሣሉ የማሞዝ ዝሆኖች ይንቀሳቀሳሉ፤ አጋዘንን የሚያሞግስ የቀልድ ማስታወቂያም አለ። ከሁሉ የታወቀው ግን ያኩትስክ በተባለው ከተማ የተነሣው አጭር ክፍል ነው።

ሥዕሎቹ እነዚህ ናቸው። በአንድ መስቀለኛ መንገድ ላይ አውቶቡስና «ዚም» የተባለ ትልቅ የሶቪየት መኪና ይተላለፋሉ። ሠራተኞች ጎንበስ ብለው መንገድ ያስተካክላሉ። አንድ ዐይኑ የተንሸዋረረ የአገሩ ሰው በካሜራው ፊት ያልፋል። ማርኬር እነዚህኑ ሥዕሎች ምንም ሳይለውጥ ሦስት ጊዜ ያሳያቸዋል፤ የሚለወጠው ቃሉ ብቻ ነው። በመጀመሪያው ንባብ ከተማው የሥልጣኔ፣ ሠራተኛው የደስታ፣ መንገደኛው የአገር ውበት ምልክት ነው። በሁለተኛው አውቶቡሱ የመጨናነቅ፣ መኪናው የባለ ሥልጣን ትዕቢት፣ ሠራተኛው የባርነት፣ መንገደኛው የሥጋት ምልክት ይሆናል። በሦስተኛው ተናጋሪው ድምፁን ዝቅ አድርጎ ያለ ውዳሴና ያለ ነቀፋ ይዘረዝራል፤ ሰውዬውም የዐይን ሕመምተኛ ብቻ ይሆናል።

ተመልካቹ ሦስተኛው እውነተኛ ነው ብሎ ሊያርፍ ሲል ማርኬር አያሳርፈውም። እንዲህ ያለው ሚዛናዊ መሳይ ንግግርም ተንቀሳቃሹን ኑሮ ለፍርድ ሲል እንደሚያቆመው፣ ስለዚህ እርሱም በመንገዱ እንደሚያዛባ ያስረዳል። የሰውዬውን ሕመም መናገር ስለ ሰውዬው መናገር አይደለምና።

ባዛን በ1958 ስለዚህ ፊልም በጻፈው ሂስ፣ የፊልሙ ዋና ጥሬ ዕቃ አእምሮ መሆኑን፣ አእምሮም በመጀመሪያ የሚገለጠው በቃል መሆኑን፣ ሥዕል ሦስተኛ ሆኖ እንደሚመጣ ገለጠ። የተለመደው ቅንብር አንዱን ሥዕል ከሚቀጥለው ሥዕል ጋር ሲያገናኝ፣ የማርኬር ቅንብር ሥዕሉን ከጎኑ ከተነገረው ቃል ጋር ያገናኛል፤ መንገዱ ከጆሮ ወደ ዐይን ነው። ባዛን ይህን ጽፎ ብዙም ሳይቆይ በዚያው ዓመት በኅዳር ወር በ40 ዓመቱ ሞተ። ፊልሙን በመጽሐፍ ቤት ቋንቋ የተረጐመው ግን እርሱ ነበር።

7. አንድ ተቃውሞና መልሱ

እስካሁን የተናገርነው ሁሉ ውዳሴ እንዳይሆን አንድ ተቃውሞ እናነሣለን። ሦስቱ ንባቦች በያኩትስክ ሥዕሎች ላይ ቢለያዩም፣ ሥዕሎቹን የመረጠው አንድ ሰው ነው። በዚያን ዘመን ማንም የውጭ አገር ሰው ያለ ሶቪየት መንግሥት ፈቃድ በሳይቤሪያ ፊልም ሊያነሣ አይችልም ነበር። ካሜራው ያልገባበትን ቦታ ሦስት ቀርቶ ሠላሳ ንባብ ሊያሳየን አይችልም። ስለዚህ ከቃሉ በፊት የሥዕሉ ምርጫ ራሱ የመጀመሪያ ንባብ ነው። እንዲሁም ሦስቱንም ቃል የተናገረው ጎብኝው ነው፤ ያ ዐይኑ የተንሸዋረረ ሰው አንድ ቃል እንኳ አልተናገረም።

ማርኬር ራሱ ይህን ጉድለት ያየው ይመስላል። የአልጀሪያ ጦርነት ባበቃበት በ1962 በግንቦት ወር እርሱና ፒየር ሎም በፓሪስ መንገዶች እየዞሩ «ውቡ ግንቦት» የተባለውን ፊልም አነሡ፤ ፊልሙም በ1963 ታየ። በዚያን ጊዜ ሥዕልንና ድምፅን በአንድነት የሚይዝ ቀላል መሣሪያ ተገኝቶ ነበር። ስለዚህ ደራሲው ብዕሩን አስቀምጦ ያዳምጥ ጀመር። ልብስ ሻጩ፣ እጮኛሞቹ፣ ከዳሆሜ የመጣው አፍሪካዊ ተማሪ፣ ወጣቱ አልጀሪያዊ ሠራተኛ በገዛ አንደበታቸው ይናገራሉ። ደራሲው ፈጽሞ ዝም አላለም፤ ነገር ግን ከተናጋሪዎቹ አንዱ ሆነ። ጥሩ አንባቢ ማለት መጽሐፉ የሚለውን እስኪጨርስ የሚታገሥ ሰው ከሆነ፣ ማርኬር በዚህ ፊልም ሰውን እንደ መጽሐፍ አነበበ ማለት ይቻላል።

በዚህ መካከል ፊልሞቹ ወደ ተወለዱበት ቤት ተመለሱ። በ1961 ሰይ አሳታሚ ቤት «ኮማንቴር» በሚል ርእስ የፊልሞቹን ንግግር ከሥዕሎቻቸው ጋር በመጽሐፍ አወጣ። በውስጡም ስለ አሜሪካ የተጻፈ፣ ነገር ግን ፈጽሞ ያልተነሣ የአንድ ፊልም ጽሑፍ ይገኛል። ካሜራ ባይገኝም ፊልም በመጽሐፍ ሊሠራ እንደሚችል ያሳየበት ነው።

8. ለእኛ የሚሰጠው ትምህርት

ይህ የማርኬር ዘዴ ለኢትዮጵያዊ ተማሪ ፈጽሞ አዲስ ነው ለማለት አንደፍርም። በቤተ ክርስቲያናችን የመጻሕፍት ትርጓሜ ጉባኤ መምህሩ የግዕዙን ቃል ካነበቡ በኋላ አንድ ትርጉም ብቻ ሰጥተው አያልፉም። «አንድም» ብለው ሌላ ይሰጣሉ፤ ደግሞም «አንድም» ብለው ሦስተኛ ይጨምራሉ። ደቀ መዝሙሩ ሁሉንም ጎን ለጎን ይይዛቸዋል። የያኩትስኩ መንገድ በሥዕል የተሠራ አንድምታ ነው ብንል የሁለቱንም ክብር የምንቀንስ አይመስለንም። ልዩነታቸው ግን መረሳት የለበትም፤ በአንድምታው ትርጉሞቹ ምሥጢሩን ለማብዛት ይደመራሉ፤ በማርኬር ፊልም ግን እያንዳንዱ ንባብ የሌላውን ድፍረት ያጋልጣል።

ነገሩን በአገራችን ምሳሌ እንሞክረው። አንድ ሰው ካሜራውን በአራት ኪሎ ተከለ እንበል። የከተማ አውቶቡስ ሞልቶ ያልፋል፤ አንድ አዲስ ነጭ መኪና ይከተለዋል፤ ሠራተኞች የእግረኛ መንገድ ድንጋይ ያነጥፋሉ፤ ነጠላ የለበሱ አንድ ሽማግሌ ቆም ብለው ካሜራውን ያዩና ያልፋሉ። አንዱ «ከተማዋ ታድጋለች፤ ሽማግሌውም በአድናቆት ይመለከታሉ» ይላል። ሌላው «ድኻው ተጨናንቆ ይሄዳል፤ ባለ ጠጋው ብቻውን ይንደላቀቃል፤ ሽማግሌው በትዝብት ያያሉ» ይላል። ሦስተኛው ተሳፋሪውንና ድንጋዩን ይቆጥራል፤ ስለ ሽማግሌው ግን ዕድሜያቸውን ገምቶ ዝም ይላል። ሦስቱም ያልሠሩት አንድ ሥራ አለ፤ ቀረብ ብለው «አባቴ፣ እንደምን ዋሉ? ምን ይመስልዎታል?» ብለው አልጠየቋቸውም።

ለረጅም ጊዜ ስለ አገራችን በውጭ የተሠሩ ብዙ ፊልሞች ሽማግሌውን ሳይጠይቁ የተረጐሙ ናቸው። ዛሬ በእጅ ስልክ እንኳ ፊልም ማንሣት ስለሚቻል ተራው ወደ እኛ መጥቷል። ይሁን እንጂ ተናጋሪው የአገር ልጅ ስለ ሆነ ብቻ ፍርዱ ትክክል ይሆናል ማለት አይደለም። እኛም የገጠሩን ሰው ሳንጠይቅ ልንተረጕመው እንችላለንና።

መደምደሚያ

ከላይ ከተመለከትነው ሦስት ነገር እንጨምቃለን። አንደኛ፣ መጽሐፍ ለማርኬር ከፊልም ያገደው ግድግዳ ሳይሆን ወደ ፊልም የወጣበት ደረጃ ነው፤ ቅንብርን ከገጽ፣ የተናጋሪን ማንነት ከደብዳቤ፣ ጥርጣሬን ከሂስ ተማረ። ሁለተኛ፣ ቃል በሥዕል ላይ ያለውን ሥልጣን የሚያውቅ ሰው ሥልጣኑን አይደብቅም፤ በተመልካቹ ፊት ገልጦ ያሳያል። ሦስተኛ፣ ቃል ወዳዱ ሰው የሥራው ፍጻሜ የራሱን ቃል ማሳመር ሳይሆን የሌላውን ቃል መስማት ነው፤ ማርኬር ከ1957 እስከ 1963 የተጓዘው መንገድ ይህ ነበር።

ማርኬር ከዚያ በኋላ ለግማሽ ምዕት ዓመት ያህል ሠርቶ ሐምሌ 29 ቀን 2012፣ በተወለደበት ዕለት፣ በ91 ዓመቱ በፓሪስ ሞተ። በ1983 በወጣው «ፀሐይ አልባ» በተባለው ፊልሙ እንኳ የአንድ ፎቶግራፍ አንሺ ደብዳቤዎች በአንዲት ሴት ድምፅ ይነበባሉ፤ የደብዳቤና የንባብ ፍቅሩ እስከ መጨረሻ አልተለየውም።

በኮሌጃችን ብዙ መጽሐፍ አንባቢዎች አሉ፤ ፊልም ሊሠሩ የሚመኙም እንዳሉ እናውቃለን። ሁለቱ ወገኖች ተለያይተው እንዳይቀመጡ፣ ከሁሉ አስቀድሞ አንድ አጭር ሥዕል አንሥተው ሦስት ጊዜ እንዲያነቡት፣ በአራተኛው ጊዜ ግን ቃሉን በሥዕሉ ውስጥ ላለው ሰው እንዲተዉለት በትሕትና እናሳስባለን።